በጌዴኦ ለተወሰደ መሬት ተገቢው ካሳ ስንት ነው? ከቃላድ እስከ አዋጅ ቁጥር 1161/2011



መንግሥት ለመንገድ፣ ለትምህርት ቤት፣ ለከተማ ማስፋፊያ ወይም ለሌላ የሕዝብ ጥቅም ብሎ የአንድን ገበሬ መሬት ሲወስድ ካሳ ይከፍላል። ክፍያው ተገቢ መሆኑ ወይም አለመሆኑ የሚታወቀው በምንድን ነው? የዛሬው ገለጻዬ በዚህ ጥያቄ ላይ ያተኩራል። የሕግ መምህራን ይህን ጥያቄ አንቀጽ እየጠቀሱ፣ የኢኮኖሚ ባለሙያዎች ደግሞ ስሌት እየሠሩ ይመልሱታል። እኔ የታሪክ መምህር እንደ መሆኔ ከሁለቱም ቀደም ያለ ጥያቄ አስቀድማለሁ፤ ሕጉ የሚለካው ነገር ምንድን ነው?

ይህን ጥያቄ በጌዴኦ ምድር ላይ ማንሣት የሚጠቅም ይመስለኛል። ከ1880ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ መንግሥት ወደዚህ አካባቢ የመጣው በየዘመኑ የተለያየ መለኪያ ይዞ ነው። በመጀመሪያ ሰው ቆጠረ፤ ቀጥሎ መሬትን በገመድ ለካ፤ ከዚያ በመሬት ላይ የሰፈረውን ንብረት መዘገበ፤ በመጨረሻም ዓመታዊ ገቢን አሰላ። እያንዳንዱ መለኪያ ማን እንደ ተጎዳ፣ ማን ደግሞ ምንም እንዳልጎደለበት ይወስን ነበር። ስለዚህ የካሳው መጠን ከመወሰኑ በፊት የካሳው ፍትሐዊነት በመለኪያው ይወሰናል የሚል ነው የዚህ ገለጻ መከራከሪያ። የምጠቅሳቸው ዓመታት፣ ለይቼ ካልገለጽሁ በቀር፣ በኢትዮጵያ አቆጣጠር ናቸው።

፩. የሚወሰደው ነገር

የጌዴኦ ገበሬ መሬት እንደ ስንዴ ማሳ ባዶ ሆኖ የሚታረስ፣ ተዘርቶ የሚታጨድ አይደለም። በአንድ ይዞታ ላይ እንሰት፣ ቡና፣ ጎደሬና ፍራፍሬ ተደራርበው ይበቅላሉ፤ ከበላያቸው ብርብራ፣ ዋንዛና ሌሎች የጥላ ዛፎች ይቆማሉ። የጥላው ዛፍ ቡናውን ከፀሐይ ይጠብቃል፤ ቅጠሉ ረግፎ አፈሩን ያለማል፤ ግንዱ ሲያረጅ ለቤትና ለሽያጭ ይሆናል። ቡናው ገንዘብ ያመጣል። እንሰቱ ቤተሰቡን ይመግባል፤ ቡናው ባልያዘበት ዓመትም ረኃብ እንዳይገባ ይከላከላል።

እነዚህ ተክሎች ዕድሜያቸው የተለያየ ነው። ቡና ፍሬ መስጠት የሚጀምረው ከተተከለ ከሦስትና ከአራት ዓመት በኋላ ነው፤ እንሰት እንደ ቦታው ከፍታ አራትም ሰባትም ዓመት ይፈጃል፤ ዋንዛ ደህና ጣውላ እስኪወጣው የአንድ ትውልድ ዕድሜ ሊወስድ ይችላል። ጎበዝ ገበሬ የሚባለው እነዚህን ልዩ ልዩ ዕድሜዎች አንዱ ሲነሣ ሌላው እንዲደርስ አድርጎ የሚያሰናዳ ነው። እንግዲህ ይዞታው በአባትና በልጅ ጉልበት የተሠራ፣ ክፍሎቹ እርስ በርስ የተደጋገፉ አንድ ነገር ነው። የጌዴኦ ባህላዊ መልክዓ ምድር በመስከረም 2016 በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት ሲመዘገብ የታወቀለትም ይኸው አኗኗር ነው።

ሌላም መታወስ ያለበት ነገር አለ። በ1999 የሕዝብና ቤት ቆጠራ የዞኑ ነዋሪ ከ840 ሺህ በላይ ነበር፤ በአንድ ካሬ ኪሎ ሜትር ወደ 700 ሰው ማለት ነው። በዚህ ጥግግት ውስጥ መሬቱ ለተወሰደበት ሰው የሚሰጥ ትርፍ መሬት ማግኘት እጅግ ከባድ ነው። በሌላ አካባቢ በምትክ መሬት የሚፈታው ችግር እዚህ በገንዘብ ላይ ይወድቃል። የገንዘቡ ስሌት ሲዛባም የሚያቃናው ሌላ ነገር የለም።

፪. የሰው ቆጠራና የገመድ ዘመን

ጌዴኦ በ1880ዎቹ መጨረሻ በዳግማዊ ምኒልክ መንግሥት ሥር ሲገባ፣ አዲሱ አስተዳደር መጀመሪያ የፈለገው ጉልበትንና ግብርን ነበር። በደጃዝማች ባልቻ ሳፎ ዘመን ሲዳሞ ይባል በነበረው ግዛት የተዘረጋው የነፍጠኛና የገባር ሥርዓት በሰው ቁጥር የቆመ ነው። ለወታደሩ ደመወዝ በመተካት የተመደበለት ገባር ነበር። ገባሩ ያርሳል፣ ይፈጫል፣ አጥር ያጥራል፣ እህልና ማር ያቀርባል። በዚህ መለኪያ መሬቱ ገና ለብቻው አልተቆጠረም፤ የተቆጠረው በላዩ የሚኖረው ሰው ነው። ስለ ካሳ ለመነጋገርም ቦታ አልነበረም፤ በሥርዓቱ ዓይን ከገባሩ የተወሰደ ንብረት የለምና።

በ20ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የመጀመሪያ አሥርታት የቡና ዋጋ እያደገ ሲሄድ መሬቱ ራሱ ተፈላጊ ሆነ። ቃላድ የተባለው የልኬት ሥርዓት የመጣውም በዚያው ጊዜ ነው። መሬት በገመድ እየተለካ በጋሻ ተመደበ። ለባላባቱ ሲሶ ተብሎ የሚታወቀው ድርሻ ተለየለት፤ የቀረው ለመንግሥት፣ ለወታደርና ለሹማምንት፣ ለቤተ ክርስቲያንም ተደለደለ። ገመዱ ርዝመትንና ስፋትን ይናገራል፤ በመካከል ያለውን እንሰት ማን እንደ ተከለው አይናገርም። ከልኬቱ በኋላ ብዙ የጌዴኦ ቤተሰብ አያቱ ባለማው ቦታ ላይ ጭሰኛ ሆኖ ተገኘ። ለዚያ ለውጥ ካሳ የጠየቀም የከፈለም አልነበረም። ሆኖም በዚህ ምድር የታየው ትልቁ የመሬት ንጥቂያ ይህ መሆኑን ሳንዘነጋ ነው ወደ ሕጎቹ መሻገር ያለብን።

፫. ተገቢ ካሳ በወረቀት ላይ

በጽሑፍ ሕጋችን መንግሥት ንብረት ስለሚወስድበት ሁኔታ የተነገረው በ1923 ሕገ መንግሥት ነው። አንቀጽ 27 በሕግ ለተወሰነ የሕዝብ ጥቅም ካልሆነ በቀር የኢትዮጵያዊ ተወላጅ ንብረቱ እንደማይወሰድበት ይደነግጋል። ስለ ካሳ ግን ዝም ይላል። ያ ዝምታ የተሰበረው በ1948 በተሻሻለው ሕገ መንግሥት ነው፤ አንቀጽ 44 ተገቢ ካሳ መከፈል እንዳለበት፣ ባለንብረቱና መንግሥት ካልተስማሙም መጠኑ በዳኝነት ሥርዓት እንደሚወሰን አስቀመጠ።

ቀጥሎ የመጣው የ1952 የፍትሐ ብሔር ሕግ ከአንቀጽ 1460 ጀምሮ ጉዳዩን በዝርዝር ይዟል። ሕጉን ያረቀቁት ፈረንሳዊው ሊቅ ሬኔ ዳቪድ ነበሩ። የፈረንሳይ አብዮት በ1789 እንደ ጎርጎርዮስ አቆጣጠር ባወጣው የሰብአዊ መብቶች መግለጫ፣ በአንቀጽ 17፣ ንብረት የሚወሰደው ፍትሐዊና ቅድሚያ የተከፈለ ካሳ ሲኖር ብቻ ነው ተብሎ ነበር። የዚህ አስተሳሰብ ዘር በእኛም ሕግ ይታያል። በአንቀጽ 1474 ካሳው ንብረቱ በመወሰዱ ከደረሰው እውነተኛ ጉዳት ጋር እኩል መሆን አለበት። ይህን አንቀጽ ተማሪዎቼ ደጋግመው እንዲያነቡት እመክራለሁ። እስካሁን ካሉን ድንጋጌዎች ሁሉ አጭሩና ሰፊው ይመስለኛል፤ የሚለካውን ነገር ጉዳት ብሎ ጠርቶታልና።

ነገር ግን ጉዳት የደረሰበት ማን ነው? በዚያ ዘመን ሕግ ዋናው ባለመብት በመዝገብ ባለርስት የተባለው ሰው ነበር። በጌዴኦ ቡናውን የተከለውና የሚለቅመው ጭሰኛ እርቦም ይሁን ሲሶ፣ ከዚያም በላይ፣ ለባለርስቱ ያስረክብ ነበር። በ1960 እንደ ጎርጎርዮስ አቆጣጠር፣ ማለትም የፍትሐ ብሔር ሕጉ በታወጀበት በዚያው ዓመት፣ የጌዴኦ ገበሬዎች በባለርስቶች ጫና ላይ ተነሡ፤ ሚጭሌ ላይም ደም ፈሰሰ። በአዲስ አበባ እውነተኛ ጉዳት የሚለው ቃል ሲታተም፣ በሚጭሌ ጉዳቱን የሚናገረው ሰው በሕግ ፊት ባለንብረት አልነበረም። ሁለቱን ክስተቶች ጎን ለጎን ስናስቀምጣቸው አንድ ነገር እንማራለን፤ የቱንም ያህል የተዋበ የካሳ ቀመር ቢኖር፣ ባለመብቱን ለይቶ የሚያውቀው መዝገብ ከተሳሳተ ቀመሩ ለትክክለኛው ሰው አይደርስም።

፬. ዛፉ ዋጋ ያጣበትና ያገኘበት ዓመት

የካቲት 25 ቀን 1967 የገጠር መሬትን የሕዝብ ንብረት ያደረገው አዋጅ ቁጥር 31 ወጣ። ለጌዴኦ ጭሰኛ ይህ ቀን የነፃነት ቀን ነበር፤ ይህን ማሳነስ አይቻልም። ለርእሳችን የሚጠቅመን ግን አዋጁ ስለ ካሳ ያለው ነው። ለተንቀሳቃሽ ንብረትና በመሬቱ ላይ ለተሠሩ ቋሚ ሥራዎች ተገቢ ካሳ ይከፈላል አለ፤ ለመሬቱ፣ ለደኖችና ለዛፍ ሰብሎች ግን ካሳ አይከፈልም። ቡና ደግሞ የዛፍ ሰብል ነው።

አዋጁ ይህን ያለው ባለርስቱን በማሰብ ነው፤ ዛፉን ሌላ ሰው ተክሎለት ካሳውን እሱ እንዳይወስድ። በዚያ ሁኔታ ውሳኔው ፍትሕ ነበረው ማለት ይቻላል። ከዚያ በኋላ ግን ያው ገበሬ ከመንግሥት ጋር ብቻውን ቀረ። መሬቱ የመንግሥት፣ በላዩ ያለው ልፋት የገበሬው ሲሆን፣ የልፋቱ ዋጋ ስንት ነው የሚለው ጥያቄ ሳይመለስ ቆየ።

የ1987 ሕገ መንግሥት ይህን ጥያቄ በግልጽ አነሣው። በአንቀጽ 40 መሬት የማይሸጥ የማይለወጥ የጋራ ንብረት ሆኖ ሲቀጥል፣ ማንኛውም ኢትዮጵያዊ በጉልበቱ ወይም በገንዘቡ በመሬቱ ላይ ለሠራው ቋሚ ንብረትና ላደረገው መሻሻል ሙሉ መብት አገኘ። መንግሥት የግል ንብረትን ለሕዝብ ጥቅም ሊወስድ የሚችለውም ተመጣጣኝ ካሳ በቅድሚያ ከፍሎ ነው። አንቀጽ 44 ደግሞ በመንግሥት ፕሮግራሞች ምክንያት ለተፈናቀሉ ወይም ኑሯቸው ለተነካ ሰዎች በገንዘብ ወይም በሌላ መንገድ ካሳ የማግኘት መብት ሰጠ። በ1967 ያለ ካሳ የታለፈው ቡና አሁን የካሳው ዋና መሠረት ሆነ።

፭. አሥር እጥፍ እና አሥራ አምስት እጥፍ

ሕገ መንግሥቱን ለማስፈጸም አዋጅ ቁጥር 455/1997 እና ደንብ ቁጥር 135/1999 ወጡ። ገበሬው ይዞታውን በቋሚነት ሲለቅ ከንብረቱ ካሳ ሌላ የመፈናቀያ ካሳ ያገኛል፤ መጠኑም ከመልቀቁ በፊት በነበሩት አምስት ዓመታት ያገኘው አማካይ ዓመታዊ ገቢ በአሥር ተባዝቶ ነው። አዋጅ ቁጥር 1161/2011 ይህን ለወጠው፤ ባለፉት ሦስት ዓመታት ከተገኘው ገቢ ከፍተኛው ተወስዶ በአሥራ አምስት ይባዛል። በተጨማሪም ለማኅበራዊ ትስስር መቋረጥና ለሥነ ልቦና ጉዳት የሚከፈል ካሳን አስገብቷል።

ብዙ ሰው የሚያየው ከአሥር ወደ አሥራ አምስት መጨመሩን ነው። ለቡና ገበሬ ግን ከአማካይ ወደ ከፍተኛ የተደረገው ለውጥም እኩል ክብደት አለው። ቡና አንድ ዓመት በብዛት አፍርቶ በሚቀጥለው ዓመት የመድከም ጠባይ አለው። እስቲ ለምሳሌ ያህል የአንድ ገበሬ የአምስት ዓመት ገቢ በቅደም ተከተል 20 ሺህ፣ 40 ሺህ፣ 24 ሺህ፣ 44 ሺህ እና 32 ሺህ ብር ነበር እንበል። አማካዩ 32 ሺህ ነው፤ በአሥር ሲባዛ 320 ሺህ ብር ይሆናል። በአዲሱ አዋጅ ከመጨረሻዎቹ ሦስት ዓመታት ከፍተኛው 44 ሺህ ነው፤ በአሥራ አምስት ሲባዛ 660 ሺህ ብር ይደርሳል። ማባዣው ብቻ ተለውጦ አማካዩ ቢቀር ኖሮ 480 ሺህ ብር ነበር። የቀረው 180 ሺህ ብር የመጣው ከመነሻ ዓመቱ ምርጫ ነው።

በዚህ ላይ የዓለም ገበያ አለ። በ1990ዎቹ የመጀመሪያ ዓመታት የቡና ዋጋ በአሥርታት ውስጥ ወደታየው ዝቅተኛ ደረጃ ወርዶ ነበር። በ1998 መሬቱን ለለቀቀ ገበሬ የሚታዩት አምስት ዓመታት ከ1993 እስከ 1997 ያሉት ናቸው። የውድቀቱ ዘመን በሙሉ ወደ ቀመሩ ይገባል፤ በአሥር ተባዝቶም ቋሚ ዕጣው ይሆናል። ሕጉ ያንን ገበሬ ሊበድል አስቦ አልነበረም፤ የመረጠው መለኪያ ግን የኒው ዮርክን ገበያ ክፉ ዓመታት በይርጋጨፌ ገበሬ ላይ አሳርፎበታል።

ገንዘቡ ከተከፈለ በኋላስ? ማባዣው በስተጀርባው አንድ ግምት አለው፤ የተከፈለው ገንዘብ የጠፋውን ገቢ መተካት ይችላል የሚል። ከጥቅምት 2010 ጀምሮ የባንክ ቁጠባ ዝቅተኛው ወለድ 7 በመቶ ነበር። በምሳሌያችን 320 ሺህ ብር በዚህ ወለድ በዓመት 22,400 ብር ያስገኛል፤ ይህም ከጠፋው አማካይ ገቢ 70 በመቶ ነው። 660 ሺህ ብር ደግሞ 46,200 ብር ያስገኛል፤ ከ44 ሺህ ጥቂት ይበልጣል። አሥራ አምስት እጥፍ በዚህ ወለድ ገቢውን በመጀመሪያው ዓመት ይተካል ማለት ነው። ነገር ግን በ2014 የዋጋ ንረቱ ከ30 በመቶ በላይ ነበር። በእንዲህ ዓይነት ዓመት የ44 ሺህ ብር ኑሮ በሚቀጥለው ዓመት ከ57 ሺህ ብር በላይ ይጠይቃል። ቡናው በመሬቱ ላይ ቢሆን ኖሮ ዋጋው ከገበያው ጋር አብሮ በተንቀሳቀሰ ነበር፤ ወለዱ ግን በነበረበት ይቆያል።

፮. ገና ያልተለካው

እስካሁን የተናገርሁት ሊቆጠር ስለሚችለው ነው። ሦስት ነገሮች ግን በአሥራ አምስት እጥፍም ውስጥ በደንብ አልገቡም።

አንደኛው እንሰት ነው። የቋሚ ተክል ካሳ የሚሰላው በዓመታዊ ምርትና በገበያ ዋጋ ነው። ይህ ለቡና ይስማማል። እንሰት ግን ቤተሰቡ እየመረጠ የሚቆርጠው የቆመ ጎተራ ነው፤ አብዛኛው ቆጮ ገበያ ሳይወጣ በቤት ይበላል። ያልተሸጠው ገቢ ተብሎ ካልተመዘገበ፣ በአሥርም ሆነ በአሥራ አምስት ቢባዛ ከዜሮ አይወጣም። የእንሰት ሥራ በአብዛኛው በሴቶች እጅ መሆኑን ስናስብ፣ ከስሌቱ የሚቀረው የማን ድካም እንደ ሆነ ግልጽ ነው።

ሁለተኛው የይዞታው አንድነት ነው። ገማቹ ቡናውን በኪሎ፣ ዛፉን በዕድገት ደረጃው፣ ቤቱን በካሬ ሜትር ለይቶ ይተምናል። ለመንገድ ሲባል የይዞታው ጠርዝ ብቻ ተወስዶ የጥላ ዛፎቹ ሲቆረጡ፣ ያልተወሰደው ቡናም ፀሐይ ይመታዋል። በወረቀቱ የተወሰደው ጠርዙ ነው፤ ጉዳቱ ግን ወደ ውስጥ ዘልቋል። እዚህ ላይ የ1952ቱ እውነተኛ ጉዳት የሚለው ሐረግ ከኋለኞቹ ቀመሮች የተሻለ ያያል።

ሦስተኛው የዋጋው ልዩነት ነው። ከተማ ሲሰፋ ገበሬው የሚካሰው በእርሻ ገቢው ነው። መሬቱ ወደ ከተማ ክልል ከገባ በኋላ በሊዝ አዋጅ ቁጥር 721/2004 መሠረት ለጨረታ ሲቀርብ ግን ዋጋው የከተማ ዋጋ ነው። የዋጋው ጭማሪ ከሕዝብ ሀብት ከተሠራ መንገድና ከከተማው ዕድገት የመጣ ስለሆነ የሕዝብ ነው የሚል መከራከሪያ አለ፤ ክብደት ያለው መከራከሪያ ነው። የከተማውን ዕድገት ዋጋ የከፈለው ግን ያው ተነሺ ገበሬ ነው። ከጭማሪው ጥቂት እንኳ ሳይደርሰው ሲቀር፣ ተመጣጣኝ የሚለው ቃል ከምን ጋር ተመጣጥኖ እንደ ሆነ መጠየቅ ተገቢ ነው።

ለዚህ ምን ይደረግ ብላችሁ ብትጠይቁኝ፣ ከታሪኩ የሚመነጩ ሦስት ነገሮች እላለሁ። ግምት የሚሠራው አካል መሬቱን ከሚፈልገው አስተዳደር የተለየ ይሁን፤ በ1948 ሕገ መንግሥት የዳኝነት ሥርዓት የተጠቀሰው በከንቱ አይደለም። ለቤት ፍጆታ የሚውለው ምርት በገቢነት ይመዝገብ፤ የተከላውን ታሪክ የሚያውቁት የሶንጎ ሽማግሌዎችም ለገማቹ ምስክር ይሁኑ። ክፍያው ሲዘገይ ደግሞ በተገመተበት ቀን ዋጋ ሳይሆን በተከፈለበት ቀን ዋጋ ይታሰብ፤ ሕገ መንግሥቱ በቅድሚያ ያለው ገንዘቡ ሳይሟሽሽ እንዲደርስ ነውና።

የመጨረሻው ቃሌ ለታሪክ ተማሪዎች ነው። የሚጭሌን ዘመን ስናጠና የሚቸግረን የባለርስቱ ሰነድ ተርፎ የጭሰኛው ቃል አለመጻፉ ነው። ዛሬ በየወረዳው ጽሕፈት ቤት የሚከማቹት የግምት ቅጾች፣ የአቤቱታ ማመልከቻዎችና የክፍያ ዝርዝሮች የዘመናችን የቃላድ መዝገብ ናቸው። ስንት እግር ቡና እንደ ተቆጠረ፣ እንሰቱ በስንት እንደ ተተመነ፣ ገበሬው ምን ብሎ እንደ ተቃወመ የሚነግሩን እነሱ ናቸው። ዝናብና አይጥ ሳያጠፋቸው የመመረቂያ ጽሑፋችሁ ምንጭ አድርጓቸው፤ ከቅጾቹ ጎን ደግሞ የተነሡትን ሰዎች፣ በተለይም የእናቶችን ቃል መዝግቡ። ነገ ሌላ አዋጅ ሲረቀቅ፣ አርቃቂው ማባዣውን ከመምረጡ በፊት የሚባዛው ነገር ምን እንደ ሆነ ከእናንተ ሥራ ሊያነብ ይገባል።